«መጣ» እና «መታ» ተለይተው እንዲሰሙ፦ የድምፅ ሶፍትዌር ማሻሻያዎች ለጨዋታ ሠሪዎችና ለድምፅ ግንኙነት

መግቢያ

በቡድን የሚካሄድ የኮምፒዩተር ወይም የሞባይል ጨዋታ ከሥዕሉና ከእንቅስቃሴው ባልተናነሰ በድምፅ ላይ ይመሠረታል። ተጫዋቾቹ በአንድ ክፍል ውስጥ ስለማይገኙ ፊት ለፊት አይተያዩም፤ የሚያገናኛቸው በማይክሮፎንና በጆሮ ማዳመጫ መካከል የሚመላለስ ንግግር ነው። ከመካከላቸው አንዱ «ከጀርባ መጣ» ሲል ጓደኛው «ከጀርባ መታ» ብሎ ቢሰማ፣ የሚሰጠው ምላሽ ፈጽሞ የተለየ ይሆናል። ሁለቱን ቃላት የሚለያቸው «ጣ» እና «ታ» ብቻ ናቸው፤ ልዩነቱም የሚሰማው እጅግ አጭር በሆነ ቅጽበት ውስጥ ነው።

በጨዋታ ላይ የሚደርሰው ጉዳት አንድ ዙር ከመሸነፍ አያልፍ ይሆናል። ነገር ግን ጨዋታዎች ድምፅ የሚያስተላልፉበት ቴክኖሎጂ በጥሪ መተግበሪያዎች፣ በርቀት ትምህርትና በርቀት ሕክምና ከሚያገለግለው ጋር በአመዛኙ አንድ ነው። ከደባርቅ ወይም ከዳባት የሚደውል የጤና ባለሙያ በጎንደር ከተማ ካለ ሐኪም ጋር ስለ አንድ ሕሙም በኢንተርኔት ጥሪ ሲመካከር፣ ቃሉ የሚያልፈው በዚያው መንገድ ነው። ስለዚህ የድምፅ ሶፍትዌር አዲስ ስሪት ሲወጣ የሚነሣው ጥያቄ «ምን ተጨመረ?» የሚል ብቻ ሊሆን አይገባም። «በዚህ መንገድ የሚያልፈው አማርኛ ምን ይሆናል?» የሚለውም አብሮ ሊጠየቅ ይገባል።

ይህ ጽሑፍ የድምፅ ሶፍትዌር እንዴት እንደሚሠራ፣ የቅርብ ዓመታት ማሻሻያዎች ምን እንደለወጡና በጎንደርና በሰሜን ጎንደር ደጋማ አካባቢዎች የሚሠራ ጨዋታ ሠሪ ወይም ተመራማሪ አንድን ማሻሻያ ከመቀበሉ በፊት በምን መንገድ ሊፈትነው እንደሚችል ያብራራል።

ንግግር በመንገዱ ላይ የሚያጋጥመው

ማይክሮፎን የተቀበለው ድምፅ በመጀመሪያ ወደ ቁጥር ይለወጣል። የተለመደው ስልክ ድምፅን በሰከንድ 8,000 ጊዜ ይለካል፤ በዚህም የተነሣ ከ4,000 ኸርዝ በላይ ያለውን ማስተላለፍ አይችልም። በተግባር የሚያልፈው ከ300 እስከ 3,400 ኸርዝ ያለው ብቻ ነው። የጨዋታ የድምፅ ግንኙነት ግን ብዙውን ጊዜ በሰከንድ 16,000 ወይም 48,000 ልኬት ስለሚጠቀም ሰፋ ያለ የድምፅ መጠነ ርቀት ያስተናግዳል።

ቁጥሩ እንዳለ ቢላክ መስመሩን ያጨናንቃል። ስለሆነም ኮዴክ የሚባለው የሶፍትዌር ክፍል ያጨምቀዋል፤ በተቀባዩ በኩልም መልሶ ይዘረጋዋል። ዛሬ በጨዋታዎችና በኢንተርኔት ጥሪዎች በስፋት የሚያገለግለው ኮዴክ ኦፐስ ይባላል። ኦፐስ እ.ኤ.አ. በመስከረም 2012 የኢንተርኔት መደበኛ ደንብ ሆኖ የጸደቀ ሲሆን፣ ከስካይፕ የመጣውን ለንግግር የተሠራ ሲልክ የተባለ ዘዴና ዚፍ በተባለው ድርጅት ሥር የተሠራውን ሴልት የተባለ ለሙዚቃም የሚስማማ ዘዴ አዋሕዶ ይዟል። በሰከንድ ከ6 ኪሎቢት እስከ 510 ኪሎቢት ባለው መጠን ሊሠራ ይችላል። ዲስኮርድና መምብል የተባሉት በተጫዋቾች ዘንድ የታወቁ የድምፅ መገናኛዎች የሚጠቀሙት ይህንኑ ነው።

የተጨመቀው ድምፅ በትንንሽ የመረጃ ጥቅሎች ማለትም በፓኬት ተከፋፍሎ ይላካል። አንድ ፓኬት አብዛኛውን ጊዜ የ20 ሚሊሰከንድ ንግግር ይይዛል። ፓኬቶቹ በአንድ መንገድና በእኩል ፍጥነት ላይደርሱ ይችላሉ፤ አንዳንዱ ይዘገያል፤ አንዳንዱም ጭራሽ ይጠፋል። ተቀባዩ ሶፍትዌር የዘገዩትን ለመጠበቅ ድምፁን ለጥቂት ጊዜ በማቆያ ያስቀምጣል፤ ማቆያው ሲሞላ ወይም ሲጎድልም ንግግሩን በማይታወቅ መጠን ያሳጥረዋል ወይም ያስረዝመዋል። ለጠፋው ፓኬት ደግሞ ከበፊቱ ድምፅ በመነሣት መተኪያ ይፈጥራል። ተቀባዩ ጆሮ የሚሰማው እንግዲህ ተናጋሪው ያወጣውን ድምፅ ብቻ አይደለም፤ ከፊሉ የሶፍትዌሩ ግምት ነው። ማሻሻያዎች በአብዛኛው የሚነኩትም ይህንን የግምት ክፍል ነው።

አማርኛ ከመስመሩ የሚጠይቀው

በአማርኛ «ጠ»፣ «ጨ»፣ «ጰ»፣ «ጸ» እና «ቀ» በጉሮሮ መዘጋት ታግዘው በኃይል የሚወጡ ድምፆች ናቸው። «ጠፋ» ከ«ተፋ»፣ «ቀዳ» ከ«ከዳ»፣ «መጣ» ከ«መታ» የሚለዩት በዚህ ነው። ጆሮ ልዩነቱን የሚይዝባቸው ምልክቶች በዋናነት ሁለት ናቸው። አንደኛው ድምፁ ሲለቀቅ የሚሰማው ስለታም ፍንዳታ ነው፤ ከኃይሉ ብዙው ከፍ ባለው የድምፅ ክልል ይገኛል። ሁለተኛው ከፍንዳታው በኋላ አናባቢው እስኪጀምር ድረስ ያለችው አጭር ዝምታ ናት። የስልክ መስመር የመጀመሪያውን ምልክት በከፊል ይቆርጠዋል። ያን ጊዜ አድማጩ የሚደገፈው በሁለተኛው፣ ማለትም በጊዜ ልኬት ላይ ይሆናል።

ሌላው የአማርኛ መለያ ጥብቀት ነው። «አለ» ላልቶ ሲነገር ተናገረ ማለት ነው፤ ጠብቆ ሲነገር ግን መኖርን ያመለክታል። «ገና» ላልቶ ጊዜ አለመድረሱን፣ ጠብቆ የልደትን በዓል ይገልጻል። «ዋና» ላልቶ በውኃ ላይ መንሳፈፍ፣ ጠብቆ ደግሞ ከሁሉ የሚበልጥ ማለት ነው። ለጨዋታ ተናጋሪዎች ይበልጥ አሳሳቢ የሚሆነው «ይመታል» የሚለው ግስ ነው፤ ላልቶ ሲነገር መቺውን፣ ጠብቆ ሲነገር ተመቺውን ያመለክታል። በአንዲት ቃል ውስጥ አጥቂና ተጠቂ ቦታ ይለዋወጣሉ።

የጥብቀት ዋና ምልክት የጊዜ ርዝመት ነው። የጠበቀ ተነባቢ ከላላው በግምት እጥፍ ያህል ጊዜ ይወስዳል። በ«ታ» ወይም በ«ቃ» ዓይነት ድምፆች ላይ ደግሞ ይህ ጭማሪ ጊዜ በአብዛኛው ዝምታ ነው፤ አየር ታግዶ የሚቆይበት ቅጽበት። ለአማርኛ አድማጭ ይህች ዝምታ ትርጉም ተሸካሚ ናት። ማቆያውን ለማስተካከል ንግግርን ለሚያሳጥር ሶፍትዌር ግን ዝምታ በቀላሉ ሊነካ የሚችል ክፍት ቦታ መስሎ ይታያል።

እዚህ ላይ አንድ ተጨማሪ ነገር መታወስ አለበት። የፊደል ጽሕፈት ጥብቀትን አያመለክትም። በድምፅ መግባባት ሲያቅት ወደ ጽሑፍ መልእክት መዞር የተለመደ መፍትሔ ነው፤ ይሁን እንጂ «ይመታል» ተብሎ ቢጻፍ መቺውና ተመቺው በፊደሉ ተለይተው አይታወቁም። በንግግር ያለው ልዩነት በድምፅ መንገድ ላይ ከጠፋ በጽሑፍ የሚተካው የለም፤ ያለው አማራጭ ዐረፍተ ነገሩን አስረዝሞ ማብራራት ነው። በሰከንዶች ውስጥ ውሳኔ በሚሰጥበት ጨዋታ ወይም ድንገተኛ ጥሪ ላይ ደግሞ ለዚያ ጊዜ አይኖርም።

የዋጋና የጥራት ሚዛን

በጎንደርና በአካባቢው ብዙው ተጠቃሚ ከኢንተርኔት ጋር የሚገናኘው በሞባይል የዳታ ጥቅል ነው። ስለዚህ የድምፅ ግንኙነት የሚበላው መጠን የኪስ ጉዳይ ነው። ስሌቱ ቀላል ቢሆንም ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ ነገር አለበት፦ እያንዳንዱ ፓኬት ከድምፁ በተጨማሪ የአድራሻና የቅደም ተከተል መረጃ ይሸከማል። ይህ ተጨማሪ ሸክም በተለመደው አሠራር 40 ባይት ያህል ነው።

ድምፁ በሰከንድ 24 ኪሎቢት ተጨምቆ በ20 ሚሊሰከንድ ፓኬት ቢላክ፣ በሰከንድ 50 ፓኬት ይወጣል፤ የአድራሻው ሸክም ብቻውን 16 ኪሎቢት ይሆናል። ድምሩ 40 ኪሎቢት በሰከንድ፣ በሰዓት ደግሞ በአንድ አቅጣጫ 18 ሜጋባይት ነው። እ.ኤ.አ. ከ1972 ጀምሮ መደበኛ የሆነው ጂ.711 የተባለው የስልክ ኮዴክ በሰከንድ 64 ኪሎቢት ስለሚፈልግ በተመሳሳይ ስሌት በሰዓት 36 ሜጋባይት ይወስዳል። በሌላ በኩል የኦፐስ ፓኬት ወደ 60 ሚሊሰከንድ ቢረዝምና ድምፁ ወደ 12 ኪሎቢት ቢወርድ፣ ድምሩ በሰዓት 7.8 ሜጋባይት ብቻ ይሆናል። ይህም ከመጀመሪያው ከግማሽ በታች ነው።

ቁጠባው ግን ያለ ዋጋ አይገኝም። ፓኬቱ 20 ሚሊሰከንድ ሲሆን አንዱ ቢጠፋ ከአንድ ተነባቢ ጥቂቱ ክፍል ይጎድላል፤ ሶፍትዌሩም ክፍተቱን በቀላሉ ይሸፍናል። ፓኬቱ 60 ሚሊሰከንድ ሲሆን ግን አንዱ ሲጠፋ የ«ጣ» ፍንዳታና ተከታይዋ ዝምታ በአንድነት ሊሄዱ ይችላሉ። ያን ጊዜ የሶፍትዌሩ ግምት ከበፊቱ አናባቢ የተወሰደ ለስላሳ መተኪያ ይሆናል፤ «መጣ» ወደ «መታ» የሚያዘነብለው በዚህ መንገድ ነው። በሌላ አነጋገር ርካሹ አሠራር ወጪውን የሚያስከፍለው ከጥብቀትና ከጉሮሮ ድምፆች ነው። ጨዋታ ሠሪው ይህን ምርጫ በሶፍትዌሩ ነባር ቅንብር ላይ ትቶት ከሄደ፣ የተጠቃሚዎቹን ቋንቋ በማያውቅ ሌላ ሰው ተወስኖለታል ማለት ነው።

መዘግየትም የዚሁ ሚዛን አካል ነው። ዓለም አቀፉ የቴሌኮሙኒኬሽን ኅብረት ለተስተካከለ ምልልስ በአንድ አቅጣጫ ከ150 ሚሊሰከንድ ያልበለጠ መዘግየትን ይመክራል። ፓኬቱ በረዘመ ቁጥር ከዚህ በጀት ላይ ገና ከመነሻው ይቀነሳል።

የቅርብ ዓመታት ማሻሻያዎች

እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2024 የወጣው ኦፐስ 1.5 በኮዴኩ ታሪክ ትልቅ ለውጥ አምጥቷል። በማሽን ትምህርት የሠለጠኑ ክፍሎች ተጨምረውበታል። አንደኛው የጠፋ ፓኬትን የሚተካ ሲሆን፣ ከቀድሞው ይልቅ ለተፈጥሯዊ ንግግር የቀረበ መተኪያ ይፈጥራል። ሁለተኛው እያንዳንዱ ፓኬት ከራሱ ድምፅ በተጨማሪ ያለፈውን እስከ አንድ ሰከንድ የሚደርስ ንግግር በጣም በተጨመቀ መልክ ይዞ እንዲሄድ ያደርጋል፤ ተከታታይ ፓኬቶች ቢጠፉም ቀጥሎ የሚደርሰው የጎደለውን ይዞ ይመጣል። ሦስተኛው ዝቅተኛ በሆነ መጠን የተጨመቀ ንግግርን በተቀባዩ በኩል ያጠራል።

ለአማርኛ የእነዚህ የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ ልዩነት መሠረታዊ ነው። መተኪያ የሚፈጥረው ክፍል የሚገምት ነው፤ የጎደለውን አያውቀውም። ግምቱ እጅግ ሲለሰልስ ደግሞ አድማጩ አንድ ነገር እንደጎደለ እንኳ ላያስተውል ይችላል። በቀድሞው ሶፍትዌር የተቆራረጠ ድምፅ የሰማ ሰው «አልሰማሁህም፣ ድገምልኝ» ይላል፤ በአዲሱ ግን ጥርት ያለ፣ ነገር ግን የተሳሳተ ቃል ሰምቶ ሊያልፍ ይችላል። ያለፈውን ንግግር አብሮ የሚልከው ክፍል በአንጻሩ የሚመልሰው ተናጋሪው ያለውን ነው። ስለዚህ የመረጃ ፍሰቱ ከፈቀደ ከግምት ይልቅ ድጋሚ መላክን ማስቀደም ትርጉምን ለመጠበቅ ይረዳል።

አሠራራቸውም ይለያያል። መተኪያ የሚፈጥረው ክፍል የሚያስፈልገው በተቀባዩ በኩል ብቻ ነው፤ ላኪው የቆየ ስልክ ቢይዝም ጥቅሙ ይገኛል። ያለፈውን አብሮ የሚልከው ግን በሁለቱም ወገን መኖር አለበት። የኦፐስ የመረጃ ቅርጽ እ.ኤ.አ. ከ2012 ወዲህ ስላልተለወጠ አዲሱና አሮጌው ስሪት መነጋገራቸውን ይቀጥላሉ። ከአሮጌ ስልኮች ጋር ለሚኖር ተጠቃሚ ይህ ቀላል ጥቅም አይደለም። ይሁን እንጂ አዲሶቹ ክፍሎች ሶፍትዌሩ ሲዘጋጅና ሲቀናበር ካልተፈቀደላቸው በስተቀር ሥራ አይጀምሩም፤ ስሪቱን ማሻሻል ብቻውን በቂ አይሆንም።

ሌላው ተደጋጋሚ ማሻሻያ ጩኸትን የሚያጣራው ክፍል ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 ይፋ የሆነው አርኤንኖይዝና ከዚያ ወዲህ የመጡ መሰሎቹ ንግግርን ከአካባቢ ጩኸት ለይተው የሚያስቀሩ ናቸው። ከባጃጅ ጩኸት መካከል ለሚነጋገር ሰው አገልግሎታቸው ግልጽ ነው። ችግሩ ንግግር ያልሆነውን ሁሉ እንደ ጩኸት መቁጠራቸው ላይ ነው። የአዝማሪ መሰንቆ፣ ከበሮና ጸናጽል፣ እንዲሁም እልልታ በዚህ ማጣሪያ ሲያልፉ ሊቆራረጡ ወይም ጨርሰው ሊጠፉ ይችላሉ። ከውጭ ሀገር ሆኖ የሰርግ ወይም የጥምቀት በዓልን በጥሪ ለሚከታተል ቤተሰብ የእልልታ መጥፋት ቀላል ነገር አይደለም። ስለሆነም ማጣሪያውን ተጠቃሚው በቀላሉ የሚያጠፋበት ቁልፍ ማኖር የመልካም ንድፍ አካል ነው።

የቦታ ድምፅ፦ ከፋሲል ግንብ እስከ ስሜን ገደል

ጨዋታ ሠሪዎችን ይበልጥ የሚመለከተው ሌላው የማሻሻያ ዘርፍ ድምፅን በቦታ ውስጥ የሚያስቀምጠው ነው። እንደ ዋይዝ፣ ኤፍሞድና ስቲም ኦዲዮ ያሉ መሣሪያዎች ድምፅ ከየት እንደመጣ፣ ከግድግዳ እንዴት እንደተመለሰና በርቀት እንዴት እንደደከመ ያሰላሉ። ስቲም ኦዲዮ እ.ኤ.አ. በ2017 ወጥቶ በ2024 የውስጥ ኮዱ ለሁሉም ክፍት ሆኗል፤ ይህም የፈቃድ ክፍያ ለሚያስቸግራቸው ወጣት ሠሪዎች በር ከፍቷል። በአዲስ አበባ የተመሠረተው ቅኔ ጌምስ «ኩኩሉ» በተባለው የሞባይል ጨዋታው እንዳሳየው፣ ከሀገር የተቀዳ መልክና ጣዕም ያለው ጨዋታ በኢትዮጵያውያን እጅ ሊሠራ ይችላል። ጎንደር ደግሞ ለዚህ ሥራ የተለየ ሀብት አላት።

እ.ኤ.አ. በ1979 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት የተመዘገበው ፋሲል ግቢ በድንጋይና በኖራ የተገነቡ ሰፋፊ አዳራሾች አሉት። ድንጋይ ድምፅን ጥቂት ብቻ ስለሚመጥጥ ማስተጋባቱ ረጅም ነው። ለምሳሌ ያህል 10 ሜትር በ8 ሜትር ስፋትና 6 ሜትር ከፍታ ያለው፣ ዙሪያው ሁሉ ድንጋይ የሆነ ዝግ ክፍል ይታሰብ። ይዘቱ 480 ሜትር ኩብ፣ የገጽታው ስፋት 376 ሜትር ካሬ ነው። ገጽታው ከሚደርስበት ድምፅ 3 በመቶውን ብቻ ይመጥጣል ቢባል፣ በታወቀው የሳቢን ቀመር መሠረት ድምፁ እስኪሞት 6.9 ሰከንድ ያህል ይወስዳል። በዚያው ክፍል እያንዳንዳቸው የግማሽ ሜትር ካሬ ያህል ድምፅ የሚመጥጡ 50 ሰዎች ቢገቡ ግን ጊዜው ወደ 2.1 ሰከንድ ይወርዳል። ባዶ አዳራሽና ግብር የተበላበት አዳራሽ በጆሮ ሲሰሙ ሁለት የተለያዩ ቦታዎች ናቸው። የጨዋታ መሣሪያው ነባር ቅንብር ይህን ልዩነት አያውቅም፤ ሠሪው ራሱ ሊነግረው ይገባል። ጣሪያው የመላእክት ፊት በተሣለበት እንጨት የተሸፈነው የደብረ ብርሃን ሥላሴ ቤተ ክርስቲያን ደግሞ ሌላ ዓይነት ባሕርይ ይኖረዋል። እነዚህን ቦታዎች ፈቃድ አግኝቶ፣ ቅርሱን በማይጎዳ ዝቅተኛ የመለኪያ ድምፅ መለካት ለጨዋታም ለቅርስ ጥናትም የሚተርፍ መዝገብ ያስገኛል።

ወደ ስሜን ተራሮች ሲወጣ ጥያቄው ይለወጣል። አየሩ ሳስቶ ስለሚገኝ ድምፅ በዝግታ ይጓዛል የሚል እምነት አንዳንድ ጊዜ ይሰማል፤ ነገር ግን የድምፅን ፍጥነት በዋናነት የሚወስነው ሙቀት እንጂ የአየር ግፊት አይደለም። በ20 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ፍጥነቱ በሰከንድ 343 ሜትር፣ በ0 ዲግሪ ደግሞ 331 ሜትር ያህል ነው። 500 ሜትር ርቆ ከሚገኝ ገደል የሚመለስ የገደል ማሚቶ በሞቃት ቀን በ2.9 ሰከንድ፣ ውርጭ በሚሆንበት ሌሊት በ3 ሰከንድ ገደማ ይደርሳል። ኦፕን ኤኤል የተባለው የድምፅ መሣሪያ ነባር ፍጥነቱ በሰከንድ 343.3 ሜትር ነው፤ ለጎንደር ከተማ ቀን ይስማማል፤ ለስሜን ሌሊት ግን መስተካከል አለበት።

የአየር ግፊት የሚለውጠው ሌላ ነገር ነው። በ3,600 ሜትር ከፍታ ላይ ግፊቱ በባሕር ጠለል ካለው ሁለት ሦስተኛ ያህል ብቻ ይሆናል። ይህም ከሙቀትና ከእርጥበት ጋር ተዳምሮ ቀጫጭን ድምፆች በርቀት የሚደክሙበትን መጠን ይለውጣል። ከተራራ ወደ ተራራ የሚጣራ እረኛ አናባቢዎቹን አስረዝሞ የሚጮኸው በምክንያት ነው፤ ርቀትን የሚሻገረው ረጅሙ አናባቢ እንጂ አጭሩ የተነባቢ ፍንዳታ አይደለም። ኮዴክም በጠበበ መስመር ላይ የሚያደርገው ከዚህ ብዙ አይርቅም።

የስሜን ጭላዳ ዝንጀሮም ለድምፅ ሶፍትዌር ትምህርት ይሰጣል። እ.ኤ.አ. በ2013 የታተመ ጥናት ወንድ ጭላዳዎች ከንፈራቸውን እያርገበገቡ የሚያወጡት ድምፅ ከሰው ንግግር ጋር ተቀራራቢ ምት እንዳለው አሳይቷል። ንግግርን በምቱ ብቻ የሚለይ ማጣሪያ በጭላዳ መንጋ አጠገብ ቢቀመጥ ሊሳሳት እንደሚችል ከዚህ መገመት ይቻላል። ሶፍትዌር የሚፈተነው በሚሠራበት ቦታ ነው የሚባለውም ስለዚህ ነው።

ማሻሻያን መቀበልና መፈተን

የሶፍትዌር አምራቾች ማሻሻያ ሲያወጡ ተጠቃሚው ሁልጊዜ ከመስመር ጋር እንደሆነ ያስባሉ። ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ጀምሮ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለረጅም ወራት ተቋርጦ እንደነበር ለሚያስታውስ ግን ይህ ግምት ደካማ ነው። ሥራውን በየጊዜው ከመስመር ፈቃድ በሚጠይቅ መሣሪያ ላይ የመሠረተ ሠሪ መስመሩ ሲቋረጥ ሥራውም ይቋረጥበታል። ከዚህ የሚከተሉት ጥንቃቄዎች ይመነጫሉ፦

አንደኛ፣ እየተሠራበት ያለው ስሪት መጫኛ ሙሉ ቅጂ ያለ ኢንተርኔት ሊጫን በሚችል መልክ መቀመጥ አለበት። ሁለተኛ፣ ጨዋታው ለሕዝብ ሊቀርብ ሲቃረብ ስሪቱ መቆለፍ ይኖርበታል፤ በአንዳንድ የድምፅ መሣሪያዎች በአዲስ ስሪት የተከፈተና የተቀመጠ ሥራ ወደ አሮጌው አይመለስም፤ የተዘጋጁት የድምፅ ማኅደሮችም ከአዲሱ ስሪት ጋር እንደገና ካልተዘጋጁ ላይሠሩ ይችላሉ። ሦስተኛ፣ ማሻሻያውን በሥራው ቅጂ ላይ እንጂ በዋናው ላይ መሞከር አይገባም።

ለድምፅ ግንኙነት ደግሞ ቀላልና ወጪ የማይጠይቅ ፈተና ማዘጋጀት ይቻላል። «መጣ» እና «መታ»፣ «ጠፋ» እና «ተፋ»፣ «ቀዳ» እና «ከዳ»፣ እንዲሁም ጠብቀውና ላልተው የሚነገሩ «አለ»፣ «ገና»፣ «ዋና»፣ «ይመታል» እና «ይበላል» ይመረጡ። ከእነዚህ 40 ንባቦች በዘፈቀደ ቅደም ተከተል ተቀርጸው በአሮጌውና በአዲሱ ስሪት በኩል ይላኩ። በሊኑክስ ላይ ባለው ኔትኤም በተባለው መሣሪያ ለሁለቱም እኩል፣ ለምሳሌ 10 በመቶ የፓኬት መጥፋት ማስመሰል ይቻላል። አድማጩ የሰማውን ሲመዘግብ ቃሉን ሳይሆን ትርጉሙን መጻፍ አለበት፤ ፊደሉ ጥብቀትን ስለማያሳይ «አለ» ብሎ መጻፍ ምን እንደሰማ አይገልጽምና።

በሁለት አማራጭ መካከል እየገመተ የሚመልስ ሰው ከ40ው በአማካይ 20 ያህሉን ያገኛል። 26 ወይም ከዚያ በላይ በግምት ብቻ የማግኘት ዕድሉ ከ5 በመቶ በታች ነው። ስለዚህ ከ26 በታች የሆነ ውጤት ያ ስሪት በዚያ መስመር ላይ ልዩነቱን ስለማስተላለፉ ማስረጃ አይሆንም። የአንድ ሰው ጆሮ ለፍርድ አይበቃምና በርካታ አድማጮች፣ ሴቶችም ወንዶችም ተናጋሪዎች፣ ከከተማውም ከገጠሩም ቢካተቱ ውጤቱ ይጸናል። ስሕተቱ በየትኞቹ ጥንዶች ላይ እንደተከማቸ ማየትም ይጠቅማል፤ በ«ጠ» እና በ«ተ» ላይ ከሆነ ሰፋ ያለ የድምፅ ክልል መምረጥ፣ በጥብቀት ላይ ከሆነ ደግሞ የፓኬቱን ርዝመት ማሳጠርና ያለፈውን ንግግር ድጋሚ የሚልከውን ክፍል መክፈት የመጀመሪያዎቹ መፍትሔዎች ናቸው።

ማጠቃለያ

የድምፅ ሶፍትዌር ማሻሻያ በየጊዜው የሚመጣ ነገር ነው፤ ብዙውም እውነተኛ ጥቅም ይዞ ይመጣል። ነገር ግን አንድ ስሪት የተሻለ መሆኑ የሚታወቀው ለተፈተነበት ቋንቋና ለተፈተነበት መስመር ብቻ ነው። አማርኛ ትርጉሙን ከሰከንድ ክፍልፋይ በሆነች ፍንዳታና በአንዲት ዝምታ ላይ የሚያሳርፍ፣ ያንንም በጽሕፈቱ የማያሳይ ቋንቋ ነው። ስለዚህ በድምፅ መንገዱ ላይ ብዙ የሚያጣው አለው። ፈተናው ውድ መሣሪያ አይጠይቅም፤ አርባ ንባቦች፣ ሁለት ስልኮችና የሚሰማውን ለይቶ የሚጽፍ አድማጭ በቂ መነሻ ናቸው። በጎንደር ፒያሳ የተቀመጠ ተማሪ ደባርቅ ካለው ጓደኛው ጋር ይህን ፈተና አድርጎ ውጤቱን ለሶፍትዌሩ ሠሪዎች ቢያቀርብ፣ የሚቀጥለው ማሻሻያ «መጣ» እና «መታ» የተለያዩ ቃላት መሆናቸውን የሚያውቅበት ዕድል ይኖራል።